የቦዘን አውራጃ፦ የቴውቶኒክ ማኅበርን የአልፕስ ታሪክ ከጅማ ሆኖ አጥንቶ ለመጻፍ

ስለ መካከለኛው ዘመን አውሮፓ ጽሑፍ የሚያዘጋጅ ተማሪ ቴውቶኒክ ማኅበርን፣ ማለትም የጀርመን ባላባቶችና ካህናት የነበሩበትን ሃይማኖታዊና ወታደራዊ ማኅበር፣ ከመረጠ ብዕሩ ቶሎ በባልቲክ ባሕር ዳር ወዳለችው ወደ ፕሩሲያ ይሮጣል። የማሪየንበርግ ግንብ፣ ማኅበሩ በፖላንድና በሊትዌንያ የተሸነፈበት የ1410ሩ የግሩንቫልድ ጦርነት፣ በ1466 በቶርን የተፈረመው ውል ገጹን ይሞሉታል። የአልፕሱ አውራጃ ከተነሳም በግርጌ ማስታወሻ ነው። እኛ የምናሳየው ሌላ መንገድ ነው። ዛሬ ደቡብ ቲሮል በሚባለው የጣልያን ክፍል ማኅበሩ ከ1202 ጀምሮ ቤት አለው፤ ይህም በፕሩሲያ መዋጋት ከመጀመሩ ወደ ሠላሳ ዓመት ገደማ ይቀድማል። አውራጃው ሙሉ ስሙ «በኤች ወንዝ ዳርና በተራራው» የሚል ነበር። የአዛዡ መቀመጫ ቦዘን ስለሆነ ግን ከዚህ በኋላ የቦዘን አውራጃ እንለዋለን።

ሥራው ከመጀመሩ በፊት ይህ በደንብ ይያዝ፦ የቦዘን አውራጃ ታሪክ የጦር ሜዳ ታሪክ አይደለም። የመንገድ፣ የእንግዳ ማረፊያ፣ የደብርና የግብር ታሪክ ነው። ከጦርነቱ የሚጀምር ጸሐፊ እዚህ ተራራ ውስጥ የሚጽፈው ነገር ያጣል። ከመንገዱ የሚጀምር ግን እያንዳንዱ ቤት ለምን እዚያ ቦታ ላይ እንደቆመ በራሱ ይገለጥለታል። በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት፣ ካልተባለ በቀር፣ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

መጀመሪያ ካርታ

ለሥራው ሁለት ኤ3 ወረቀት፣ ሰማያዊ፣ ቡናማና ቀይ እርሳስ፣ ከ20 የማያንስ ጠንካራ ወረቀት ለካርድ፣ ባለ አራት ማዕዘን መስመር ደብተር አንድ፣ እንዲሁም ከፍታ የሚያሳይ ካርታ የተጫነበት ስልክ ይበቃል። ኢንተርኔት በየሰዓቱ ስለማይገኝ ከኢንስብሩክ እስከ ቬሮና ያለውን ክፍል አስቀድማችሁ አውርዱ። ከቬሮና በታች ያለው ሜዳ ለዚህ ሥራ ብዙም አያስፈልግም።

በሰማያዊ ሁለት ወንዝ ብቻ ሳሉ። አንደኛው ኤች ነው፤ ጣልያኖች አዲጄ ይሉታል። ከሬሸን መተላለፊያ አካባቢ ተነስቶ በሽላንደርስና በሜራን በኩል ወርዶ፣ ከቦዘን በታች ወደ ደቡብ ታጥፎ በትሬንቶ ያልፋል። ሁለተኛው አይዛክ፣ በጣልያንኛ ኢዛርኮ፣ ከብሬነር መተላለፊያ ወርዶ በሽተርዚንግና በብሪክሰን በኩል አልፎ ቦዘን አጠገብ ከኤች ጋር ይገናኛል። ሌሎቹን ገባር ወንዞች ሁሉ ለመሳል የሚሞክር ተማሪ ካርታው ይጨናነቅበትና መንገዱ ይጠፋዋል።

ቀጥሎ በቡናማ ከፍታዎቹን ጻፉ፦ ቦዘን 262 ሜትር፣ ሽተርዚንግ 950 ሜትር ገደማ፣ ብሬነር 1,370 ሜትር ገደማ፣ ሬሸን 1,500 ሜትር ገደማ። እዚህ ላይ የጅማ አንባቢ አንድ ነገር ልብ ይበል። ጅማ ከተማ ራሷ ከ1,700 ሜትር በላይ ናት፤ ሁለቱም መተላለፊያዎች ከጅማ ዝቅ ይላሉ። ስለዚህ «ከፍታው መንገዱን አስቸጋሪ አደረገው» ብሎ መጻፍ ግማሽ እውነት ነው። መንገዱን የሚዘጋው ከፍታው ብቻ ሳይሆን ከምድር ወገብ ያለው ርቀት ነው። ብሬነር በ47ኛው ዲግሪ ሰሜን ኬክሮስ ላይ ነው፤ ጅማ 8ኛው ዲግሪ ላይ እንኳ አትደርስም። በዚያ ኬክሮስ 1,370 ሜትር ላይ ክረምቱ በረዶ ነው፤ በረዶ ናዳ ይወርዳል፣ በቅሎ ይሰምጣል፣ መንገደኛ በብርድ ይሞታል። ማረፊያና ሐኪም ቤት ያስፈለገው ለዚህ ነው። ይህን በሁለት ዓረፍተ ነገር ካልገለጻችሁ አንባቢያችሁ «1,370 ሜትር ምን ያስቸግራል?» ብሎ ይጠይቃል፤ ጥያቄውም ትክክል ነው።

አሁን በቀይ መንገዱን አስምሩ፤ በጣም የሚሳሳቱበት ቦታም ይኸው ነው። የዛሬው አውራ ጎዳናና የባቡር ሐዲድ ከቦዘን ወደ ብሬነር የአይዛክን ገደል ተከትለው ይወጣሉ። ዘመናዊውን መንገድ ገልብጦ የ1210 መንገድ ነው ማለት ግን ስሕተት ነው። ገደሉ ጠባብና ጎርፍ የሚያጠቃው ስለነበረ የመካከለኛው ዘመን መንገደኛ ከቦዘን ተነስቶ ሪተን የሚባለውን አምባ ይወጣ ነበር፤ ከ262 ሜትር ወደ 1,160 ሜትር ገደማ፣ ማለትም 900 ሜትር ያህል አቀበት። ከአምባው አልፎ ነው እንደገና ወደ አይዛክ የሚወርደው። በ1314 የቦዘን ነዋሪ የሆነ ሃይንሪክ ኩንተር በገደሉ ውስጥ መንገድ እንዲያወጣ ፈቃድ ካገኘ በኋላ ጉዞው ቀስ በቀስ ወደ ታች ወረደ። በካርታችሁ ላይ ከ1314 በፊት ያለውን በድፍን ቀይ፣ ከዚያ በኋላ ያለውን በተቆራረጠ ቀይ ለዩት። ይህን ያላደረገ ሰው በአምባው ላይ ያለው የማኅበሩ የሌንግሞስ ቤት ለምን ከመንገድ ርቆ ተራራ ላይ እንደወጣ ሊያስረዳ አይችልም፤ ያኔ መንገዱ ራሱ እዚያ ላይ ነበርና።

ርቀቶቹንም ጻፉ። ከቦዘን እስከ ትሬንቶ ወደ 60 ኪሎ ሜትር ይጠጋል፤ ከጅማ አጋሮ ካለው መንገድ ጥቂት ይበልጣል። ከቦዘን እስከ ሽተርዚንግና ከቦዘን እስከ ሽላንደርስ ደግሞ እያንዳንዱ ከ60 እስከ 70 ኪሎ ሜትር ነው። ከሽተርዚንግ እስከ ብሬነር 15 ኪሎ ሜትር ገደማ ብቻ ነው። ጭነት የያዘ ሰው በተራራ መንገድ በቀን ከ25 እስከ 30 ኪሎ ሜትር ይሄዳል ብላችሁ ካሰላችሁ ሽተርዚንግ ለምን እንደተመረጠች ወዲያው ይታያል፤ መተላለፊያውን ከመውጣት በፊት ወይም ከወረዱ በኋላ የሚታደርባት የመጨረሻዋና የመጀመሪያዋ ምቹ ቦታ ነች።

የየቤቱ ካርድ

ካርታው ካለቀ በኋላ ለእያንዳንዱ የማኅበሩ ቤት አንድ ካርድ አዘጋጁ። በካርዱ ላይ ሰባት መስመር ይኑር፦ የጀርመንኛ ስም፣ የጣልያንኛ ስም፣ ከፍታ፣ መንገድ ወይም ወንዝ፣ ማን ሰጠ፣ መቼ ተሰጠ፣ ምን ተሰጠ። የመጨረሻውን መስመር እንዳትዘሉት። አንዳንዱ ቤት ሐኪም ቤት ሆኖ ተሰጠ፣ አንዳንዱ ደብር ከነአስራቱ፣ አንዳንዱ ግንብ። ሦስቱ የተለያየ ገቢና የተለያየ ግዴታ ያመጣሉ።

ሁለቱንም ስም መጻፍ የግድ ነው። አገሩ እስከ 1919 የኦስትሪያ፣ ከዚያ ወዲህ የጣልያን ስለሆነ ያው ከተማ በሁለት ስም ይገኛል፦ ቦዘን ቦልዛኖ ነው፣ ሽተርዚንግ ቪፒቴኖ፣ ሽላንደርስ ሲላንድሮ፣ ሌንግሞስ ሎንጎሞሶ። ሁለት ስም አይቶ ሁለት ቤት አድርጎ የሚቆጥር ተማሪ አለ፤ መጨረሻ ላይ አውራጃው በእጥፍ ያድግበታል። የላቲን ፊደል አጻጻፋቸውን ከካርታው ገልብጣችሁ በካርዱ ጀርባ ያዙ፤ ፍለጋ ስትገቡ የሚያስፈልጋችሁ እሱ ነው።

የቦዘን ካርድ ከሁሉ ይቀድማል። ጌሮልድ የተባለ የከተማው ሰውና ሚስቱ ማቲልዴ በአይዛክ ድልድይ አጠገብ የመሠረቱት ሐኪም ቤት በ1202 ወደ ማኅበሩ ገባ። ማኅበሩ ራሱ በ1190 በቅድስት አገር ባለችው በአካ ከተማ ከበባ ጊዜ የብሬመንና የሉቤክ ነጋዴዎች ባቋቋሙት ሐኪም ቤት ተጀምሮ በ1198 ወታደራዊ መልክ የያዘ፣ በ1199 በሮማው ፖፕ ኢኖሰንት ሣልሳዊ የጸደቀ ነበር። ማለትም ቦዘን ሲሰጠው ማኅበሩ ገና ልጅ ነበር፤ የተሰጠውም የሚያውቀውን ሥራ፣ ሕሙማንንና መንገደኛን መንከባከብ፣ እንዲሠራ ነው። ሐኪም ቤቱ በቅዱስ ዮሐንስ ስም የተሰየመ በመሆኑ ብዙዎች የዮሐንሳውያን ባላባቶች ቤት አድርገው ይጽፉታል። የዮሐንሳውያን ማኅበር ሌላ ነው፤ የእነሱ መስቀል በጥቁር ላይ ነጭ፣ የቴውቶኒኮቹ በነጭ ላይ ጥቁር፣ የቴምፕላሮቹ በነጭ ላይ ቀይ ነበር። ሥዕል ስትመርጡ መስቀሉን ተመልከቱ። የቦዘን ቤት ከጊዜ በኋላ ከወንዙ ዳር ተነስቶ ቬገንሽታይን ወደሚባለው ቦታ ተዛወረ፤ የአውራጃው አዛዥም እዚያ ተቀመጠ። ስለዚህ በ15ኛው ክፍለ ዘመን ሰነድ «ቬገንሽታይን» ሲል ቦዘን ማለቱ ነው።

ሌንግሞስ፣ ቀደም ሲል ያልነው የሪተን አምባ ላይ ያለው ቤት፣ በ13ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ በትሬንቶ ጳጳስ ፍሪድሪክ ፎን ቫንጋ ለመንገደኞች የተመሠረተ ማረፊያ ነበር። በ1220ዎቹ ወደ ማኅበሩ ገባ። ሽላንደርስን በ1235 የሰጠው ንጉሠ ነገሥት ፍሬድሪክ ዳግማዊ ነው፤ የተሰጠው ደብሩ ነው፣ ሐኪም ቤት አይደለም። የሽተርዚንጉ ሐኪም ቤት በ1241 በታውፈርስ መኳንንት በሁጎና በሚስቱ በአደልሃይድ የተመሠረተ ሲሆን በ1254 ለማኅበሩ ተሰጠ። በትሬንቶም ቤት ነበራቸው። በሜራን አጠገብ ያለው የላና ደብር የመጣው ዘግይቶ፣ በ14ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ነው። ከሽተርዚንግ አጠገብ ያለው የራይፈንሽታይን ግንብ ደግሞ በ1470 ከቲሮል መስፍን ከሲግመንድ እጅ ወደ ማኅበሩ ገብቶ እስከ 1813 ቆየ። ይህ ግንብ በጣም ስለሚያምር ፎቶው ሁሉ ቦታ ይገኛል፤ በዚህ ምክንያት የ13ኛው ክፍለ ዘመን ምዕራፍ ላይ ይለጥፉታል። በ1254 ራይፈንሽታይን የማኅበሩ አልነበረም።

ካርዶቹን በመስጫ ዓመታቸው ቅደም ተከተል ጠረጴዛ ላይ ዘርጓቸው። ከ1202 እስከ 1254 ባለው ግማሽ ምዕተ ዓመት ውስጥ ዋናዎቹ ቤቶች ተሰጥተው እንዳለቁ ታያላችሁ። ለምን በዚያ ዘመን? መልሱ በሁለት ሰዎች ዙሪያ ነው። የማኅበሩ ታላቅ አለቃ ሄርማን ፎን ዛልፃ እስከ ዕለተ ሞቱ፣ እስከ 1239፣ የፍሬድሪክ ዳግማዊ የቅርብ ሰው ነበር። ንጉሠ ነገሥቱ ደግሞ ጀርመንንም ጣልያንንም የሚገዛ በመሆኑ በሁለቱ መካከል ያለው የተራራ መንገድ በታማኝ እጅ እንዲሆን ይፈልጋል። ጳጳሳቱና መኳንንቱ ለነፍሳቸው ሲሰጡ መንገዱንም እያስጠበቁ ነበር። ሁለቱን ምክንያት አንዱን ጥሎ አንዱን ብቻ መያዝ ጽሑፉን ያዛባዋል፤ የሰጪዎቹ እምነት እውነተኛ ነበር፣ ጥቅማቸውም እንዲሁ።

ለጅማ አንባቢ ቦዘንን ለማስረዳት ሂርማታን ማንሳት ይረዳል፤ ከየአቅጣጫው የመጡ የንግድ መንገዶች የሚገናኙባት ገበያ ስለነበረች ነው ከተማ የሆነችው። ምሳሌው ግን እዚያ ላይ ይቁም። የጅሬንን ቤተ መንግሥት ከቬገንሽታይን ጋር ማመሳሰል አይሆንም፤ ቦዘን ያለው አዛዥ ንጉሥ አልነበረም፣ በላዩ ጳጳስም፣ የቲሮል መስፍንም፣ የማኅበሩ ታላቅ አለቃም ነበሩበት።

ማን ለማን ይታዘዛል

ይህን ክፍል በአንድ ሥዕል ጨርሱት። ከታች የአንድ ቤት ኃላፊ፣ ኮምቱር የሚባለው፤ ከሱ በላይ የአውራጃው አዛዥ፣ ላንድኮምቱር። በጀርመን ምድር ያሉት አውራጃዎች አብዛኞቹ ዶይችማይስተር ለሚባለው የጀርመን አለቃ ይታዘዙ ነበር። ቦዘን ግን እንደ ኦስትሪያና ኮብሌንዝ አውራጃዎች በቀጥታ ለታላቁ አለቃ፣ ለሆሕማይስተሩ፣ ተጠሪ ሆነ፤ ገቢውም ለሱ ግምጃ ቤት ነበር። መስመሩን በዶይችማይስተሩ በኩል የሚያሳልፍ ሥዕል ለ14ኛውና ለ15ኛው ክፍለ ዘመን ስሕተት ነው።

የታላቁ አለቃ መቀመጫ ሲዛወር የአውራጃው ክብደትም ይለዋወጣል። አካ በ1291 ከወደቀች በኋላ መቀመጫው ቬኒስ ነበር፤ ያኔ ቦዘን ከቬኒስ ወደ ጀርመን በሚወስደው መንገድ ላይ ነበረች። በ1309 ወደ ማሪየንበርግ ሲሄድ ግን አለቃው ከአልፕስ እጅግ ራቀ። ፕሩሲያ ለቦዘን የምትታወቀው በተላላኪና በሚጠየቅ ገንዘብ ሆነ። በ1411 በቶርን በተፈረመው የመጀመሪያ ሰላም ማኅበሩ 100,000 ሾክ የቦሄሚያ ግሮሽ እንዲከፍል ተፈረደበት፤ አንድ ሾክ 60 ነውና 6,000,000 ግሮሽ መሆኑ ነው። ግሩንቫልድ በጽሑፋችሁ ውስጥ ቦታ ካለው በዚህ በኩል ይግባ፤ ዕዳው በሩቅ ያሉትን ቤቶች ሁሉ ስለሚመለከት።

በየቤቱ ውስጥ ያሉት ወንድሞች ባላባት ወታደሮች፣ ካህናትና አገልጋዮች ነበሩ። በአልፕስ ቤቶች የካህናቱ ሥራ ከባድ ነው፤ ደብር የተሰጠው ቤት ቅዳሴ፣ ቀብርና ጥምቀት አለበት። «ባላባቶቹ» እያሉ ሁሉንም በአንድ ቃል መጥራት የአውራጃውን ግማሽ ሕይወት ይደብቃል።

የግብር መዝገብ ማንበብ

ሰነዶቹ ሁለት ዋና ዓይነት ናቸው፦ ስጦታና ሽያጭ የተጻፈባቸው የብራና ውሎች፣ እንዲሁም ማን ከየትኛው እርሻ ምን እንደሚከፍል የተዘረዘረባቸው የግብር መዝገቦች። ሁለተኛዎቹ ደረቅ ይመስላሉ፤ አውራጃው በእውነት በምን ይኖር እንደነበር የሚናገሩት ግን እነሱ ናቸው። በቦዘን ዙሪያ ወይን፣ በአምባዎቹ እህል፣ ከከብት እርባታው አይብ ይመጣል፤ ቀሪው ጥሬ ገንዘብ ነው።

የገንዘቡ ስሌት ሰውን ያስደነግጣል እንጂ ከባድ አይደለም። ትንሿ ሳንቲም በርነር ናት፤ ከቬሮና የመጣች። 240 በርነር አንድ ፓውንድ ይሆናል። በቲሮሉ ኮንት በማይንሃርድ ዳግማዊ ዘመን በሜራን የተመታው ግሮሽ 20 በርነር ስለሚያወጣ 12 ግሮሽ አንድ ፓውንድ ነው። 10 ፓውንድ አንድ ማርክ። ስለዚህ አንድ ማርክ 120 ግሮሽ ወይም 2,400 በርነር ነው። ለመለማመድ፦ 3 ማርክ፣ 4 ፓውንድና 6 ግሮሽ ስንት በርነር ነው? 7,200 ሲደመር 960 ሲደመር 120፣ 8,280 ይሆናል። መዝገብ ውስጥ ያለውን ሁሉ ወደ በርነር ቀይራችሁ ከደመራችሁ በኋላ ብቻ ወደ ማርክ መልሱት። ማርክና ፓውንድን እንዳሉ መደመር የተለመደው ጥፋት ነው፤ ውጤቱም አሥር እጥፍ ይሳሳታል።

የእህልና የወይን መስፈሪያ ግን ከገበያ ገበያ ይለያያል። የቦዘን ስፍር ከሽተርዚንግ ስፍር ጋር እኩል ነው ብላችሁ አትደምሩ፤ በየቤቱ ለየብቻ አስቀምጡ። ወደ ብር መቀየርን ደግሞ ጨርሶ ተዉት፤ 700 ዓመት የቆየ ግሮሽ ዛሬ ስንት ብር ነው የሚለው ቁጥር ለአንባቢ ዕውቀት አይጨምርም። ይልቁንም አንዱን ቤት ከሌላው ቤት፣ ወይም አንዱን ቤት በሁለት የተለያዩ ዓመታት አወዳድሩ።

ከአገራችን ጉልት ጋር ማወዳደር ይፈቀዳል፣ ግን ልዩነቱ ይጻፍ። የቦዘን አውራጃ ብዙ እርሻዎቹን ያገኘው ከብዙ ትናንሽ ሰጪዎችና በግዢ ነው፤ ስለዚህ መሬቱ በሸለቆው ተበታትኗል፣ ወጥ የሆነ ድንበር የለውም። አውራጃውን በካርታ ላይ እንደ አንድ ቀለም የተቀባ አገር ማሳየት ትልቅ ስሕተት ነው። ነጥብ በነጥብ ይሳል።

ቀን ወደ ኢትዮጵያ አቆጣጠር ሲመለስ

ዓመት ብቻ ከሆነ ቀላል ነው። ሰነዱ ከመስከረም ወዲህ ያለ ከሆነ 7 ይቀነሳል፣ ከዚያ በፊት ከሆነ 8። ወሩ ካልታወቀ ሁለቱንም ጻፉ፦ 1202 ማለት 1194/95 ዓ.ም. ነው። አንዱን በግምት አትምረጡ።

ቀኑ ያለበት ሰነድ ጥንቃቄ ይፈልጋል። እስከ 1582 ድረስ አውሮፓ በጁልያን አቆጣጠር ስለነበረች መስከረም 1 የሚውለው በኦገስት 29 ነው (ከአውሮፓውያን የአራተኛ ዓመት፣ ከሠግር ዓመት፣ በፊት ባለው ዓመት በ30)። የስልክ መቀየሪያዎች ብዙዎቹ የዛሬውን ስሌት ወደ ኋላ ስለሚወስዱት ለ13ኛው ክፍለ ዘመን የተሳሳተ ቀን ይሰጣሉ። ከዚህ የባሰው በቅዱሳን በዓል የተጻፈ ቀን ነው። የምዕራቡ ቤተ ክርስቲያን ሚካኤል ሴፕቴምበር 29 ነው፤ ያም በዚያ ዘመን ስሌት ጥቅምት 2 እንጂ ኅዳር 12 አይደለም። ግብር የሚገባበት ቅዱስ ማርቲን ኖቬምበር 11 ሲሆን ኅዳር 15 ይሆናል። የራሳችንን ስንክሳር ይዞ የእነሱን ሰነድ ማንበብ ከአንድ ወር በላይ ያስታል።

ከ1582 በኋላ የዘመን ማሻሻያው በየአገሩ በተለያየ ጊዜ ስለገባ ሰነዱ የተጻፈበትን ቦታ አረጋግጡ። በሁለቱ አቆጣጠሮች መካከል ያለው ልዩነት በመጀመሪያ 10 ቀን፣ ከ1700 ጀምሮ 11፣ ከ1800 ጀምሮ 12፣ ከ1900 ጀምሮ 13 ነው። ለምሳሌ ናፖሊዮን በራይን ኅብረት፣ ማለትም ከሱ ጋር ባበሩት የጀርመን አገሮች፣ ማኅበሩን የሰረዘበት ኤፕሪል 24 ቀን 1809 ሚያዝያ 17 ቀን 1801 ዓ.ም. ነው፤ በዛሬው ስሌት የሚሠራ ሰው 16 ይለዋል።

በደብተራችሁ ላይ ሦስተኛ ዓምድ ጨምሩና የኢትዮጵያን ዘመን ጻፉበት፤ አንባቢን በጣም ይረዳል። የቦዘን ስጦታ በዛግዌዎች፣ በላሊበላ ዘመን ነው። የሽተርዚንጉ ከይኩኖ አምላክ መንገሥ 16 ዓመት ይቀድማል። 1525 የልብነ ድንግል ዘመን ነው።

ከ1525 በኋላ

ብዙ ጽሑፍ የሚበላሸው እዚህ ነው። በ1525 ሁለት ነገር ሆነ። በፕሩሲያ ታላቁ አለቃ አልብሬኽት ካባውን ጥሎ ሉተራዊ መስፍን ሆነ፣ ማኅበሩም ፕሩሲያን አጣ። በዚያው ዓመት በቲሮል ከሽተርዚንግ አካባቢ የተወለደው ሚካኤል ጋይስማይር የመራው የገበሬዎች አመፅ ተነሳ። ሁለቱን አያይዞ «አመፁ ማኅበሩን አፈረሰው» ማለት ትክክል አይደለም። አመፁ የመጣው ከግብር፣ ከአስራትና ከመኳንንት ጫና ነው፤ የቦዘን አውራጃም ከሁለቱም ተርፎ ካቶሊክ ሆኖ ቀጥሏል። የማኅበሩ አለቃ መቀመጫ ደግሞ ጀርመን ውስጥ ወዳለችው ወደ ሜርገንትሃይም ሄደ።

ከዚያ በኋላ ታሪኩን ከኦስትሪያ ገዢዎች ከሀብስበርጎች ጋር አስኬዱት፤ ቲሮልን ከ1363 ጀምሮ ይዘዋል። ከ1590 ጀምሮ የማኅበሩ አለቃ የነበረው አርችዱክ ማክሲሚልያን ሣልሳዊ ከ1602 እስከ ሞተበት 1618 ቲሮልንም አስተዳደረ፤ የአውራጃው ሁለት ጌቶች በአንድ ሰው ተገናኙ ማለት ነው። ናፖሊዮን በ1809 ሲሰርዘው ቲሮል በባቫርያ እጅ ስለነበረች የቦዘን ንብረት ተወረሰ፤ ራይፈንሽታይን የተሸጠው በዚህ ሰበብ ነው። ማኅበሩ ግን በኦስትሪያ በ1834 እንደገና ቆመ። ፔተር ሪግለር የተባለ ካህን በ1855 በላና የካህናት ገዳም ከፈተ፤ የሴቶቹም ማኅበር በዚያው ዘመን ታደሰ። በ1923 የመጨረሻው የሀብስበርግ አለቃ አርችዱክ ኦይገን ሥልጣኑን ለቀቀ፣ በ1929 ማኅበሩ ባላባት የሌለበት የካህናትና የእህቶች ማኅበር ሆነ። ማዕከሉ ዛሬ ቪየና ነው፣ የደቡብ ቲሮሉ አውራጃ መቀመጫ ላና። «ማኅበሩ በ1525 አበቃ» ወይም «በ1809 አበቃ» የሚል ዓረፍተ ነገር ካለ ሰርዙት።

ምንጭ ማግኘትና መጻፍ

የማኅበሩ ዋና ቤተ መዛግብት ቪየና ነው፤ ከብራና ውሎቹ ብዙዎቹ ሞናስቴሪዩም በተባለው የውሎች ድረ ገጽ ላይ በፎቶ ተቀምጠዋል። ኔትወርክ ጥሩ በሆነበት ሰዓት፣ ለምሳሌ ጠዋት በማለዳ፣ የየውሉን ፎቶና አጭር መግለጫ አብራችሁ አውርዱ፤ ፎቶውን ብቻ ያወረደ ሰው በኋላ የትኛው የትኛው እንደሆነ ይጠፋዋል። የፋይሉን ስም በዓመት ጀምሩ፣ ቀጥሎ የቤቱ ስም። ላቲንና የቆየ ጀርመንኛ የማታነቡ ከሆነ መግለጫዎቹ ለሴሚስተር ጽሑፍ ይበቃሉ፤ ለመመረቂያ ግን ቢያንስ ጀርመንኛ ከሚያነብ መምህር ጋር ተቀመጡ። የማሽን ትርጉም ላይ አትደገፉ። ማኅበሩን አንዴ «ትዕዛዝ»፣ አንዴ «ሜዳልያ» እያለ ይተረጉማል፤ የኮምቱሩን ቤት ደግሞ «የሚመጣው» ይለዋል።

ለ20 ገጽ ጽሑፍ የምንመክረው ድልድል ይህ ነው፦ መንገዱና ካርታው 4 ገጽ፣ ቤቶቹ 6፣ የሥልጣን መስመሩ 2፣ ግብሩ 4፣ ከ1525 በኋላ ያለው 4። ማኅበሩ በአካ እንዴት እንደተመሠረተ ከግማሽ ገጽ በላይ አትስጡት፤ እሱ በሁሉም ቦታ ተጽፏል። ጊዜ ካጠረ ከቤቶቹ ሁለቱን፣ ቦዘንንና ሽተርዚንግን፣ ብቻ ይዛችሁ በጥልቀት ጻፉ እንጂ ካርታውን አትተዉ።

ጽሑፉን በክፍል ውስጥ ስታቀርቡ ካርታውን በትልቁ ግድግዳ ላይ ስቀሉ፤ ከኋላ ወንበር የሚነበብ እንዲሆን የቤቶቹ ስም ቁመት ከ3 ሴንቲ ሜትር አይነስ። «ታዲያ እዚያ ከማን ጋር ተዋጉ?» የሚል ጥያቄ መምጣቱ አይቀርም። መልሱን ከ1314 በፊት ባለው ቀይ መስመር ላይ በጣት እያሳያችሁ ስጡ፦ ከቦዘን ድልድይ ተነስታችሁ ሪተንን ውጡ፣ ሌንግሞስ ላይ ቁሙ፣ ወደ አይዛክ ውረዱ፣ ሽተርዚንግ እደሩ፣ ብሬነርን ተሻገሩ።